የአንድ ቃለ ጉባዔ ጣጣ፤ በኅብረት ሥራ ማኅበራት ምርጫ ላይ የሚነሱ የሕግ ክርክሮች

በኅዳር ወር 2010 ዓ.ም. አንድ ቅዳሜ ጠዋት፣ አባል የሆንኩበት የሠራተኞች የገንዘብ ቁጠባና ብድር ኅብረት ሥራ ማኅበር አዲስ የሥራ አመራር ኮሚቴ ለመምረጥ በመሥሪያ ቤቱ የምግብ አዳራሽ ተሰብስቦ ነበር፡፡ የሕግ ባለሙያ በመሆኔ የአስመራጭ ኮሚቴው ጸሐፊ እንድሆን ተጠየቅሁ፡፡ እኔም ‹‹ምን ችግር አለው›› ብዬ ተቀበልኩ፡፡

በመዝገባችን ላይ የሰፈሩት አባላት 312 ነበሩ፡፡ መተዳደሪያ ደንባችን ምርጫ የሚካሄደው ከአባላቱ ከግማሽ በላይ የሆኑት በተገኙበት ነው ስለሚል ቢያንስ 157 ሰው ያስፈልገን ነበር፡፡ በር ላይ የፈረሙት 161 ሆኑ፡፡ የኦዲት ሪፖርቱ ተነበበ፤ በትርፍ ክፍፍሉ ላይ ረዥም ጭቅጭቅ ተደረገ፤ ሻይ ተጠጣ፡፡ ምርጫው ሲጀመር ከቀኑ ሰባት ሰዓት ሆኗል፡፡ ገበያ የነበረበትም፣ ለቅሶ የሚደርስም፣ የሰለቸውም ወጥቶ ሄዷል፡፡ የድምፅ መስጫ ወረቀቶቹን ስንቆጥር 139 ነበሩ፡፡ እኔ ግን በቃለ ጉባዔው ላይ ‹‹161 አባላት በተገኙበት ምርጫው ተካሂዷል›› ብዬ ጻፍኩ፡፡ የፊርማ ዝርዝሩ የሚለው 161 ስለነበር ሌላ ነገር አልታየኝም፡፡

ያ አንድ ቁጥር ማኅበራችንን ለ14 ወራት አሠረው፡፡ ያልተመረጡት ወገኖች ምልዓተ ጉባዔ ሳይሟላ የተካሄደ ምርጫ ነው በማለት ውጤቱን ተቃወሙ፡፡ የቀድሞው ኮሚቴ ማኅተሙን አላስረክብም አለ፡፡ ባንኩ ሁለት የሚጋጩ ደብዳቤዎች ሲደርሱት የፈራሚ ለውጡን አቆመ፡፡ ብድር ቀረ፡፡ ለዘጠኝ ዓመታት ከደመወዟ ሳታቋርጥ የቆጠበች አንዲት የሥራ ባልደረባችን እናቷ በታመሙ ጊዜ ከገዛ ማኅበሯ መበደር አቅቷት ከአራጣ አበዳሪ እጅ ወደቀች፡፡ አንድ አንጋፋ አባል በዚያን ሰሞን ኮሪደር ላይ አግኝተውኝ፣ ‹‹አንተ ልጅ፣ ሕግ ተምረህ ገንዘባችንን በአንድ ቁጥር አሰርከው እኮ›› ያሉኝ እስካሁን ከጆሮዬ አልጠፋም፡፡

የዛሬው ጽሑፌ ዓላማ ከዚያ ስህተት የተማርኩትን ከሕጉ ጋር አያይዤ ለአንባቢያን ማቅረብ ነው፡፡ ከእኛ ከተሜዎች መካከል የቁጠባና ብድር፣ የቤት ሠሪ ወይም የሸማቾች ኅብረት ሥራ ማኅበር አባል ያልሆነ ጥቂት ነውና ጉዳዩ ሁላችንንም ይመለከተናል ብዬ አምናለሁ፡፡

ሕጉ ከየት ተነስቶ የት ደረሰ?

በአገራችን ኅብረት ሥራን የሚመለከት ዘመናዊ ሕግ የወጣው በንጉሠ ነገሥቱ ዘመን ነው፡፡ እ.ኤ.አ. በ1960 የእርሻ ሠራተኞች ኅብረት ሥራ ድንጋጌ ቁጥር 44፣ ቀጥሎም እ.ኤ.አ. በ1966 የኅብረት ሥራ ማኅበራት አዋጅ ቁጥር 241 ወጡ፡፡ ደርግ በ1970 ዓ.ም. ባወጣው አዋጅ ቁጥር 138 ማኅበራቱን የሶሻሊስት ኢኮኖሚ መገንቢያ መሣሪያ አደረጋቸው፡፡ በዚያ ዘመን ኮሚቴዎች በስም ቢመረጡም የመንግሥትና የፓርቲ እጅ ከበላያቸው አይታጣም ነበር፡፡ በ1982 ዓ.ም. የቅይጥ ኢኮኖሚ ፖሊሲ ሲታወጅ አብዛኞቹ የገበሬ አምራቾች ኅብረት ሥራ ማኅበራት በአጭር ጊዜ የፈረሱት አባላቱ ‹‹የእኛ ነው›› የሚሉት ነገር ስላልነበረ ነው ቢባል ማጋነን አይሆንም፡፡

የግብርና ማኅበራትን የሚመለከተው አዋጅ ቁጥር 85/1986 ከወጣ በኋላ፣ ሁሉንም ዓይነት ማኅበራት የሚገዛው አዋጅ ቁጥር 147/1991 ታወጀ፡፡ ይህ አዋጅ በአዋጅ ቁጥር 402/1996 የተሻሻለ ሲሆን፣ የሚኒስትሮች ምክር ቤትም ለማስፈጸሚያ ደንብ ቁጥር 106/1996ን አወጣ፡፡ በመጨረሻም አዋጅ ቁጥር 985/2009 የቀድሞውን ተክቶ ወጥቷል፡፡ በፌዴራል ደረጃ ዘርፉን እንዲመራ በአዋጅ ቁጥር 274/1994 የተቋቋመው መሥሪያ ቤትም ዛሬ የኢትዮጵያ ኅብረት ሥራ ኮሚሽን ሆኗል፡፡

ከ1991 ዓ.ም. ወዲህ የወጡት ሕጎች መሠረታቸው ዓለም አቀፉ የኅብረት ሥራ መርሕ ነው፡፡ ይህ መርሕ እ.ኤ.አ. በ1844 በእንግሊዟ ሮችዴል ከተማ 28 ሰዎች ከመሠረቱት የሸማቾች ማኅበር የሚቀዳ ሲሆን፣ ዓለም አቀፉ የኅብረት ሥራ ኅብረት እ.ኤ.አ. በ1995 በማንችስተር ባደረገው ጉባዔ በሰባት ነጥቦች አስፍሮታል፡፡ ለምርጫ ክርክር ሁለቱ ዋነኞች ናቸው፡፡ አንደኛው ማኅበሩ በአባላቱ ዴሞክራሲያዊ ቁጥጥር ሥር መሆኑ ሲሆን፣ ሁለተኛው ነፃነቱ ነው፡፡ የመጀመሪያው ‹‹አንድ አባል አንድ ድምፅ›› የሚለውን ያመጣል፡፡ አክሲዮን ማኅበር ውስጥ ብዙ አክሲዮን ያለው ብዙ ድምፅ አለው፡፡ በኅብረት ሥራ ማኅበር ግን አንድ ዕጣ የገዛውም ሃምሳ ዕጣ የገዛውም ድምፃቸው እኩል ነው፡፡ ሁለተኛው መርሕ ደግሞ መንግሥት ማኅበሩን ይመዘግባል፣ ይቆጣጠራል፣ ያግዛል እንጂ መሪውን አይመርጥለትም ማለት ነው፡፡

ክርክሩ የሚነሳው ከምን ላይ ነው?

በሙያዬ ካየኋቸው የምርጫ ክርክሮች መካከል ‹‹ድምፅ ተሰረቀ›› የሚሉት ጥቂት ናቸው፡፡ አብዛኞቹ የሚነሱት ከድምፅ ቆጠራው በፊት ከተሠሩ ወይም ሳይሠሩ ከቀሩ ነገሮች ነው፡፡ በአምስት ልከፍላቸው እችላለሁ፡፡

የመጀመሪያው የአባልነት ጥያቄ ነው፡፡ ማን መራጭ ነው? በቁጠባና ብድር ማኅበር ውስጥ መሥሪያ ቤቱን የለቀቀ፣ ግን ቁጠባውን ያላወጣ ሰው አባል ነው ወይስ አይደለም? መዋጮ ያቋረጠ አባል ድምፁን ወዲያው ያጣል ወይስ የአባልነት ስረዛ ውሳኔ ያስፈልገዋል? በቤት ሠሪዎች ማኅበር ደግሞ የሟች አባል ወራሾች፣ የተፋቱ ባልና ሚስት፣ ከአባል ላይ ቤት የገዛ ሰው ሁሉ ‹‹እኔ ነኝ አባሉ›› ብለው ይመጣሉ፡፡ ቤት መግዛት በራሱ የማኅበሩ አባል አያደርግም፡፡ በመተዳደሪያ ደንቡ መሠረት በአባልነት ተቀባይነት ማግኘትና መዝገብ ላይ መስፈር የግድ ነው፡፡ የአባላት መዝገቡ ለዓመታት ሳይታደስ ከኖረ ግን ምርጫው ገና ሳይጀመር ተበላሽቷል ማለት ይቻላል፡፡

ሁለተኛው የጥሪ ጥያቄ ነው፡፡ ጉባዔውን የጠራው ሥልጣን ያለው አካል ነው? ጥሪው ደንቡ ከሚለው ቀን ቀድሞ ደርሷል? አጀንዳው ላይ ‹‹ምርጫ›› የሚል ቃል አለ? ‹‹ልዩ ልዩ ጉዳዮች›› በሚል አጀንዳ ሥር ነባሩ ኮሚቴ ወርዶ አዲስ የተመረጠባቸው ማኅበራት አጋጥመውኛል፡፡ ምርጫ እንደሚካሄድ ያላወቀ አባል ባለመምጣቱ ሊወቀስ አይችልም፡፡ ጥሪውም አንድ ወገን በሚያዘወትረው የቴሌግራም ቡድን ብቻ ተለጥፎ ከሆነ፣ ደንቡ ያንን መንገድ እስካልፈቀደ ድረስ ክርክር መጋበዝ ነው፡፡

ሦስተኛው እኔን ያስወቀሰኝ የምልዓተ ጉባዔ ጥያቄ ነው፡፡ ምልዓተ ጉባዔ የሚቆጠረው ስብሰባው ሲከፈት ነው ወይስ ድምፅ ሲሰጥ? ብዙ የመተዳደሪያ ደንቦች ይህንን በግልጽ አይመልሱም፡፡ ‹‹በሁለተኛው ጥሪ በተገኙት አባላት ይወሰናል›› የሚል ድንጋጌ ያላቸውም፣ ሁለተኛው ጥሪ ከስንት ቀን በኋላ እንደሚደረግ ሳይጽፉ ይቀራሉ፡፡

አራተኛው የዕጩዎች ብቃት ነው፡፡ አዋጅ ቁጥር 147/1991 የሥራ አመራር ኮሚቴን የሥራ ዘመን ሦስት ዓመት አድርጎ፣ አንድ ሰው ከሁለት ተከታታይ የምርጫ ዘመን በላይ እንዳይመረጥ ገድቦ ነበር፡፡ ይህ ቀመር በብዙ ማኅበራት ደንብ ውስጥ ሰፍሮ ይገኛል፡፡ ክርክር የሚያስነሱት ብልሃቶች ናቸው፡፡ ለምሳሌ ሁለት ጊዜ የተመረጠው ሊቀመንበር ሦስተኛው ላይ ‹‹ጸሐፊ›› ሆኖ ይመረጣል፡፡ ወይም የሥራ ዘመኑ ሊያበቃ ሁለት ወር ሲቀረው ይለቅና ‹‹ተከታታይነቱ ተቋርጧል›› ይላል፡፡ የገደቡ ዓላማ የማኅበሩ አመራር በጥቂት ሰዎች እጅ ተይዞ እንዳይቀር መሆኑን ለሚረዳ ዳኛ የሹመት ስም መቀየር አሳማኝ መከራከሪያ አይሆንም፡፡

አምስተኛው የአሰጣጥና የአቆጣጠር ጥያቄ ነው፡፡ እጅ በማውጣት ነው በምስጢር? ውክልና ይፈቀዳል? ከተፈቀደስ አንድ ሰው የስንት ሰው ውክልና ሊይዝ ይችላል? አንድ ሰው የአሥር አባላትን ውክልና ይዞ ሲመጣ ‹‹አንድ አባል አንድ ድምፅ›› የሚለው መርሕ ትርጉሙን ያጣል፡፡ በፊርማ ዝርዝር ላይ ላልመጣ ሰው መፈረም ደግሞ ከፍትሐ ብሔር ክርክርነት አልፎ በወንጀል ሕጉ ከአንቀጽ 375 ጀምሮ የሰነድ ማጭበርበርን ወደሚመለከቱት ድንጋጌዎች ሊወስድ የሚችል ከባድ ነገር ነው፡፡

አቤቱታው የት ይቀርባል?

ቅሬታ ያለው አባል መጀመሪያ የሚያስበው ፍርድ ቤትን ነው፡፡ በእኛም ማኅበር የሆነው ይኸው ነው፡፡ ተቃዋሚዎቹ በታኅሣሥ 2010 ዓ.ም. ክስ መሠረቱ፡፡ ተከሳሾቹ የመጀመሪያ ደረጃ መቃወሚያ አቀረቡ፡፡ ከቀጠሮ ወደ ቀጠሮ ከተጓዘ በኋላ መዝገቡ በግንቦት ወር ተዘጋ፡፡ ስድስት ወር ሙሉ ስለ ምርጫው አንድም ቃል ሳይነገር ባክኖ ቀረ፡፡

ምክንያቱ ይህ ነው፡፡ በአዋጅ ቁጥር 147/1991 ሆነ በአዋጅ ቁጥር 985/2009 በማኅበሩ አደረጃጀት፣ አመራርና ሥራ ላይ በአባላት መካከል ወይም በአባላትና በሥራ አመራሩ መካከል የሚነሳ አለመግባባት በቅድሚያ በዕርቅ፣ ካልሆነም በሽምግልና (በግልግል) ዳኝነት እንዲታይ ሕግ አውጪው መንገድ ዘርግቷል፡፡ በሽምግልና ዳኞቹ ውሳኔ ያልተስማማ ወገን ወደ መደበኛው ፍርድ ቤት ይግባኝ ይላል፡፡ የፍትሐ ብሔር ሥነ ሥርዓት ሕጉም በአንቀጽ 244(2)(ሰ) ክርክሩ በግልግል መታየት ያለበት መሆኑን ከመጀመሪያ ደረጃ መቃወሚያዎች አንዱ አድርጎ ያስቀምጣል፡፡

‹‹ታዲያ ሕገ መንግሥቱ ፍትሕ የማግኘት መብት ሰጥቶን የለም ወይ?›› የሚል ጥያቄ ይነሳል፡፡ አዎን፣ አንቀጽ 37 ማንኛውም ሰው በፍርድ ሊወሰን የሚገባውን ጉዳይ ለፍርድ ቤት ‹‹ወይም ለሌላ በሕግ የዳኝነት ሥልጣን ለተሰጠው አካል›› የማቅረብ መብት እንዳለው ይደነግጋል፡፡ የሽምግልና ዳኞቹ በዚህ በሁለተኛው ምድብ ይገባሉ፡፡ የይግባኙ በር ክፍት እስከሆነ ድረስ የፍርድ ቤቱ በር ተዘግቷል ለማለት አይቻልም፡፡ በግልግል ዳኝነት ላይ አጠቃላይ ሥርዓት የሚደነግገው አዋጅ ቁጥር 1237/2013 ከወጣ ወዲህ ደግሞ ጠበቆች የሁለቱን ሕጎች ግንኙነት አይተው መከራከር ይኖርባቸዋል፡፡

ስለዚህ በእኔ እምነት ትክክለኛው መሰላል የሚከተለው ነው፡፡ በመጀመሪያ ቅሬታውን እዚያው ስብሰባ ላይ ማንሳትና በቃለ ጉባዔ እንዲመዘገብ ማድረግ፡፡ ቀጥሎ ለቁጥጥር ኮሚቴው በጽሑፍ ማቅረብ፡፡ የቁጥጥር ኮሚቴ ሥራው ሒሳብ ማየት ብቻ የሚመስለው ብዙ ነው፤ ነገር ግን የሥራ አመራሩ ደንቡን አክብሮ መሥራቱን የመከታተል ኃላፊነትም የእርሱ ነው፡፡ ከዚያ ማኅበሩን ለመዘገበው መሥሪያ ቤት፣ ሕጉ ‹‹አግባብ ያለው ባለሥልጣን›› ለሚለው አካል ማመልከት፡፡ ካልተፈታ ዕርቅ፣ ከዚያ የሽምግልና ዳኝነት፣ በመጨረሻም ይግባኝ፡፡

እዚህ ላይ አንድ የተለመደ ስህተት ልጥቀስ፡፡ ብዙ ማኅበራት ‹‹የመሥሪያ ቤቱ ተወካይ በምርጫው ላይ ተገኝቷልና ምርጫው ሕጋዊ ነው›› ብለው ይከራከራሉ፡፡ የታዛቢ መገኘት ምስክር ይሆናል እንጂ የጎደለ ምልዓተ ጉባዔን አይሞላም፡፡ በተቃራኒው ደግሞ የመሥሪያ ቤቱ ባለሙያ በደብዳቤ ብቻ አንዱን ኮሚቴ ‹‹ሕጋዊ››፣ ሌላውን ‹‹ሕገወጥ›› ቢል፣ የመቆጣጠር ሥልጣኑን ከመዳኘት ሥልጣን ጋር ማምታታት ይሆናል፡፡

ክርክሩ እስኪያልቅ ማኅበሩን ማን ይምራ?

ከሁሉም በላይ ጉዳት የሚያስከትለው ይህ ጥያቄ መልስ ሲያጣ ነው፡፡ ባንኮች የፈራሚ ለውጥ ለማድረግ በተለምዶ ቃለ ጉባዔና ማኅበሩን ከመዘገበው መሥሪያ ቤት የተጻፈ ደብዳቤ ይጠይቃሉ፡፡ ሁለት ኮሚቴ ሁለት ቃለ ጉባዔ ይዞ ሲመጣ ባንኩ ራሱን ለመጠበቅ ሒሳቡን ባለበት ያቆማል፤ በዚህም ባንኩን መውቀስ አይቻልም፡፡ ቁጠባ ከደመወዝ መቆረጡ ይቀጥላል፤ ብድር ግን አይወጣም፡፡ በቤት ሠሪዎች ማኅበርም የተቋራጩ ክፍያ ይዘገያል፤ በዚህ መሀል የሲሚንቶና የብረት ዋጋ ይጨምራል፡፡

የፍትሐ ብሔር ሥነ ሥርዓት ሕጉ ከአንቀጽ 154 ጀምሮ ጊዜያዊ እግድ የሚሰጥበትን ሁኔታ ይደነግጋል፡፡ እግድ ገንዘብ እንዳይባክን ይጠቅማል፡፡ ነገር ግን ‹‹ሒሳቡ ይታገድ›› ብሎ በጥቅሉ መጠየቅ በቅሎ ገመዷን በጠሰች ቢሉ በራሷ አሳጠረች እንደሚባለው ነው፤ የሚታገደው የአመልካቹም የራሱ ቁጠባ ነውና፡፡ የተሻለው መንገድ የትኞቹ ሥራዎች እንደሚቀጥሉ ለይቶ መጠየቅ ነው፡፡ ለምሳሌ የሠራተኛ ደመወዝና የግብር ክፍያ፣ ቀደም ሲል የጸደቀ ብድር፣ ከማኅበሩ የሚሰናበት አባል ቁጠባ በሁለቱም ወገኖች ጣምራ ፊርማ እንዲንቀሳቀስ፤ አዲስ ውል፣ ግዥና የንብረት ሽያጭ ግን እንዲቆም፡፡ እኛ ይህንን ያሰብነው በስምንተኛው ወር ነው፡፡ ቀድመን አስበነው ቢሆን ኖሮ ያቺ ባልደረባችን አራጣ ቤት ባልሄደች፡፡

የሌሎች አገሮች ልምድ

ይህ ጣጣ የእኛ ብቻ አይደለም፡፡ በኅብረት ሥራ ማኅበራት ብዛት በምትታወቀው ሕንድ የምርጫ ክርክር ራሱን የቻለ የሕግ ዘርፍ እስከመሆን ደርሷል፡፡ የአገሪቱ ጠቅላይ ፍርድ ቤት እ.ኤ.አ. በ2001 በማሃራሽትራ ግዛት አንድ የወተት አምራቾች ማኅበር ባነሳው ጉዳይ በሰጠው ውሳኔ፣ የመራጮች ዝርዝር ዝግጅት የምርጫው ሒደት አካል ስለሆነ ሒደቱ ከተጀመረ በኋላ ፍርድ ቤት መሀል ገብቶ ሊያስቆመው እንደማይገባ፣ ቅሬታ ያለው ወገን ከውጤቱ በኋላ በሕግ በተዘረጋው የምርጫ አቤቱታ ሥርዓት እንዲሄድ ወስኗል፡፡ ምክንያቱ ግልጽ ነው፡፡ እያንዳንዱ ቅሬታ ምርጫን የሚያስቆም ከሆነ የሥራ ዘመኑ ያለቀው ኮሚቴ ለዘለዓለም በወንበሩ ይቆያል፡፡

ሕንድ በዚህ አላበቃችም፡፡ በ97ኛው የሕገ መንግሥት ማሻሻያ አማካይነት የማኅበራት ቦርድ አባላት ከ21 እንዳይበልጡ፣ የሥራ ዘመናቸው አምስት ዓመት እንዲሆንና ምርጫው ዘመኑ ሳያልቅ እንዲካሄድ ደነገገች፡፡ ጠቅላይ ፍርድ ቤቱ ግን በሐምሌ 2021 (እ.ኤ.አ.) ማሻሻያው በግዛቶች ስላልጸደቀ በአንድ ግዛት ውስጥ ብቻ በሚሠሩ ማኅበራት ላይ ተፈጻሚ አይሆንም ብሏል፡፡ ከአንድ ግዛት በላይ የሚሠሩትን በተመለከተ እ.ኤ.አ. በ2023 በወጣ ማሻሻያ ራሱን የቻለ የኅብረት ሥራ ምርጫ ባለሥልጣን እንዲቋቋም ተደርጓል፡፡

ጎረቤታችን ኬንያ ሌላ መንገድ መርጣለች፡፡ እ.ኤ.አ. በ1997 ባወጣችው የኅብረት ሥራ ማኅበራት ሕግ የማኅበራትን ክርክር ብቻ የሚያይ ልዩ ትሪቡናል አቋቁማለች፤ ይግባኙም ለከፍተኛው ፍርድ ቤት ይቀርባል፡፡ ቋሚ ችሎት መኖሩ ጥቅሙ ክርክር በተነሳ ቁጥር ‹‹ማን ይሸምግል›› በሚል ጭቅጭቅ ወራት አለመባከናቸው ነው፡፡ የእኛ የሽምግልና ሥርዓት ርካሽና ለባህላችን ቅርብ ነው፡፡ ሆኖም የሽምግልና ዳኞቹ በየክርክሩ የሚሰየሙ በመሆናቸው ሥራው የሚጀመርበት ቀን በተከራካሪዎቹ ፈቃደኝነት ላይ ይንጠለጠላል፡፡ ማዘግየት የሚጠቅመው ደግሞ ሁልጊዜ ማኅተሙን የያዘውን ወገን ነው፡፡ ስለዚህ ለምርጫ ክርክር ብቻ አቤቱታ የሚቀርብበትም ውሳኔ የሚሰጥበትም አጭርና ቁርጥ ያለ የቀን ገደብ በየማኅበሩ ደንብ ውስጥ ቢገባ የተሻለ ነው እላለሁ፡፡

ሳይቃጠል በቅጠል

ከራሴ ስህተት ተነስቼ ለማንኛውም አስመራጭ ኮሚቴ የምመክረው የሚከተለውን ነው፡፡

አንደኛ፣ የአባላት መዝገቡ ከምርጫው ቢያንስ አንድ ወር ቀድሞ ተጣርቶ ይለጠፍ፡፡ ተቃውሞ የሚቀርብበት ቀን ይወሰን፤ ያ ቀን ካለፈ በኋላ መዝገቡ ይዘጋ፡፡

ሁለተኛ፣ ጥሪው ደንቡ በሚያዘው መንገድ ይድረስ፤ የደረሰበትም ማስረጃ ይቀመጥ፡፡ አጀንዳው ላይ ‹‹የሥራ አመራርና የቁጥጥር ኮሚቴ ምርጫ›› ተብሎ በግልጽ ይጻፍ፡፡

ሦስተኛ፣ ምርጫው ከአጀንዳዎቹ ሁሉ ይቅደም፡፡ ሪፖርትና የትርፍ ክፍፍል አባላትን ካሰለቹ በኋላ የሚደረግ ምርጫ ምልዓተ ጉባዔው አደጋ ላይ ነው፡፡ የሪፖርት ውይይት ሳያልቅ ምርጫ አይሆንም የሚባል ከሆነ ደግሞ ለምርጫው ሌላ ቀን ይቀጠር፡፡

አራተኛ፣ ድምፅ ከመሰጠቱ በፊት በአዳራሹ ያለው ሰው እንደገና ይቆጠር፡፡ ቃለ ጉባዔው ሁለት ቁጥር ይያዝ፤ በር ላይ የፈረሙትንና ድምፅ ሲሰጥ የተገኙትን፡፡ ሁለተኛው ቁጥር ከምልዓተ ጉባዔ በታች ከሆነ ምርጫው ይቁምና ሁለተኛ ጥሪ ይደረግ፡፡

አምስተኛ፣ የተነሳ ተቃውሞ ሁሉ፣ ተቀባይነት ባያገኝም፣ ከነምክንያቱ ይጻፍ፡፡ ቃለ ጉባዔው እዚያው ተነቦ ይፈረም፤ የድምፅ መስጫ ወረቀቶቹም በፖስታ ታሽገው የክርክር ጊዜው እስኪያልፍ ይቀመጡ፡፡

ስድስተኛ፣ መተዳደሪያ ደንቡ ላይ አንድ አንቀጽ ይጨመር፡፡ ምርጫ ክርክር ላይ ሲወድቅ ማን፣ ለስንት ጊዜ፣ በምን ሥልጣን ማኅበሩን እንደሚያስተዳድር የሚናገር፡፡ ይህ አንቀጽ በሰላሙ ጊዜ ካልተጻፈ በጠቡ ጊዜ የሚጻፍ አይደለም፡፡

የእኛ ነገር እንዴት አለቀ?

ዕርቁ በሐምሌ ወር ሳይሳካ ቀረ፡፡ የሽምግልና ዳኞች ተሰይመው ነገሩን መስማት ሲጀምሩ ለምስክርነት ከተጠሩት አንዱ እኔ ነበርኩ፡፡ ‹‹161 ሰው ባለበት ነው የተመረጠው ብለህ ጽፈሃል፤ የድምፅ ወረቀቱ ደግሞ 139 ነው፡፡ 22ቱ ሰዎች የት ሄዱ? አዳራሹ ውስጥ ሆነው ድምፅ አንሰጥም ብለው ነው ወይስ ወጥተው?›› ተብዬ ተጠየቅሁ፡፡ አላውቅም ነበር፡፡ አለመቁጠሬን ተናገርኩ፡፡ ዳኞቹም ምርጫ የጉባዔ ውሳኔ እንደመሆኑ ምልዓተ ጉባዔው ሊኖር የሚገባው ውሳኔው በሚሰጥበት ጊዜ ነው፣ ይህ መሟላቱን ቃለ ጉባዔው አያስረዳም ብለው በኅዳር 2011 ዓ.ም. ምርጫው እንዲደገም ወሰኑ፡፡ ይግባኝ ያለ አልነበረም፤ ሁሉም ደክሞት ነበርና፡፡

በጥር ወር በተካሄደው ሁለተኛ ምርጫ ከ200 በላይ አባላት ተገኙ፡፡ ምርጫው የመጀመሪያው አጀንዳ ሆነ፤ ሰዉም ሁለት ጊዜ ተቆጠረ፡፡ ውጤቱ ሲነገር ከሰባቱ ተመራጮች አምስቱ በመጀመሪያው ምርጫ የተመረጡት ራሳቸው ሆነው ተገኙ፡፡ አዳራሹ ውስጥ ሳቅም ቁጭትም ተሰማ፡፡ ከ14 ወራት በፊት በአዳራሹ ዞር ዞር ብዬ ሰው ብቆጥርና ‹‹አልሞላም፣ ሁለተኛ ጥሪ ይደረግ›› ብል ኖሮ በአንድ ወር ውስጥ እዚያው ውጤት ላይ በደረስን ነበር፡፡

ያቺ ባልደረባችን ብድሯን ከማኅበሩ ያገኘችው ኮሚቴው ሥራ በጀመረ በሦስተኛው ሳምንት ነው፡፡ የወሰደችው ግን ለእናቷ ሕክምና አልነበረም፤ ለአራጣው ዕዳ መክፈያ ነበር፡፡ ከዚያ ወዲህ ቃለ ጉባዔ በያዝኩ ቁጥር ከመጻፌ በፊት ብድግ ብዬ ሰው እቆጥራለሁ፡፡